ለቅሶ የደረሰኝ ሌባ

የእናቴ መርዶ የደረሰኝ ማንም አንዲት ቃል ሳይተነፍስ ነው።

ማለዳ ነበር፤ ገና ወፍ ሲንጫጫ። የኅዳር ብርድ አጥንት ይሰብራል። እንደ ልማዴ ተነሥቼ ፊቴን ታጥቤ ውዳሴ ማርያም ልደግም ስሰናዳ ከግቢው በር ውጭ ኮቴ ሰማሁ። የአንድ ሰው አይደለም፤ የብዙ ሰው ነው። ግን ማንም አያወራም። አምቦ ውስጥ ይህን ያህል ሰው ተሰብስቦ ዝም ሲል ሰምቼ አላውቅም። ነጠላዬን ጣል አድርጌ ወጣሁና በቆርቆሮው በር ስንጥቅ አጮለቅሁ።

መጀመሪያ ያየሁት ጋቢ ነው። ቀጥሎ በጋቢው ውስጥ ያሉትን ኦቦ ለታን አየሁ።

ኦቦ ለታ ማን እንደሆኑ ካልነገርኳችሁ ለምን እንደደነገጥኩ አይገባችሁም። የሰፈራችን እድር ሰብሳቢ ናቸው። ጡረታ የወጡ መምህር፣ ረጅም፣ ድምፃቸው እንደ ቅቤ የለሰለሰ። በሰፈሩ ሰው የሚያረዱት እሳቸው ናቸው። «ኦቦ ለታ ያረዱት ሰው ራሱን አይስትም» ይባልላቸዋል። ስለዚህ በቀን፣ ገበያ መንገድ ላይ ብታገኟቸው ደስ ይላል። በማለዳ፣ ጋቢ ተከናንበው፣ ከኋላቸው ዝም ያለ ሕዝብ አስከትለው በራችሁ ላይ ቆመው ብታዩአቸው ግን ዘመዱ ሩቅ የሆነ ሰው የሚተረጉመው በአንድ መንገድ ብቻ ነው።

የእኔ ዘመድ ደግሞ ሩቅ ነው። የተወለድኩት ወሎ፣ ወረኢሉ ነው። አምቦ የመጣሁት በአንድ ኮሌጅ ቤተ መጻሕፍት ተቀጥሬ ሲሆን፣ የተከራየሁት አዴ ጫልቱ የሚባሉ ባልቴት ግቢ ውስጥ ያለች ሰርቪስ ቤት ነበረች። እድር አልገባሁም። ሲጠይቁኝ «ዝውውር ጠይቄአለሁ፤ ለጥቂት ጊዜ ነው» እላለሁ። ያ ጥቂት ጊዜ ግን ዓመታት ተቆጥሮበት ነበር። እናቴ ወረኢሉ ከታናሽ እህቴ ጋር ትኖራለች። ያን ሰሞን ስደውል ስልኳ አይሠራም፤ የእህቴም እንደዚያው። ኔትወርክ ነው እያልኩ ራሴን ሳጽናና ነበር የሰነበትኩት።

ሌላም ነገር ነበረ። ከተማው በሙሉ ፈርቶ ነበር።

ወሬው ከየት እንደመጣ የሚያውቅ የለም። ማደንዘዣ በቁልፍ ቀዳዳ የሚነፉ ሌቦች ገብተዋል ተባለ። ጉደር አንድ ቤተሰብ ከነድመቱ ተኝቶ ሲያረፍድ ቤቱ ተጠርጎ አገኘው አሉ። ጊንጪ ደግሞ የአንድ ገበሬ በሬ አስተኝተው ወሰዱ። የተኛ በሬ እንዴት ተሸክመው እንደሄዱ የጠየቀ ሰው አልነበረም፤ እኔም አልጠየቅሁም። መድኃኒቱ ነጭ ሽንኩርት ነው ስለተባለ ግን ቁልፍ ቀዳዳዬን በነጭ ሽንኩርት ደፈንኩት። አዴ ጫልቱ አጥራቸው ላይ የጠርሙስ ስባሪ አስተከሉ። በግቢው በር ላይ መቀርቀሪያ ነበረ፤ ጓጉንቸር ጨመሩበት። እኔ ደግሞ ከገበያ ሰንሰለት ገዝቼ መጣሁ። «ትርንጎ፣ ልታስሪኝ ነው?» አሉኝ አዴ ጫልቱ እየሳቁ። የሰፈሩ ወንዶች ተራ ገብተው ሮንድ ይወጡ ጀመር።

ያን ማለዳ አዴ ጫልቱ ለኪዳን ቤተ ክርስቲያን ሄደዋል። ሲወጡ በሩን ከውስጥ የቆለፍኩት እኔ ነኝ፤ ቁልፎቹም ኪሴ ውስጥ ነበሩ። በግቢው ውስጥ ብቻዬን ነኝ፤ እንደዚያ መስሎኝ ነበር።

«ኦቦ ለታ፣ ምንድን ነው?» አልኩ በስንጥቁ።

ጣታቸውን ከንፈራቸው ላይ አደረጉ። «እሽሽ… ትርንጎ፣ ቀስ። ድምፅ አታሰሚ።»

«ምን ሆነ?»

«ምንም አልሆነ። ቀስ ብለሽ በሩን ክፈቺልን። አትደንግጪ።»

አትደንግጪ! በአገራችን «አትደንግጪ» ተብላ ያልደነገጠች ሴት ካለች ትምጣና ትንገረኝ።

«እናቴ ናት?»

«ኧረ እናትሽ ደህና ናቸው! ምን ነካሽ? በጣም ደህና ናቸው።»

እዚህ ላይ አለቀልኝ። መርዶ እኛ ዘንድ እንዴት እንደሚነገር ታውቃላችሁ። የሞተ ሰው ሁሉ መጀመሪያ ደህና ነው። ቀጥሎ ትንሽ አመም ያደርገዋል። ከዚያ ሐኪም ቤት ይገባል። ከዚያ ሰው ሁሉ መሬት መሬት ማየት ይጀምራል። ኦቦ ለታ ጎረቤታችንን ወንድሙን ሲያረዱት «ደህና ነው፣ በጣም ደህና ነው» ብለው እንደጀመሩ አጠገባቸው ቆሜ ሰምቻለሁ። «በጣም» የሚለው ሲጨመርበት ሰውየው ተቀብሮ ነበር። ደግሞም በዋዜማው ሱቅ በር ላይ አግኝተውኝ «እናትሽ እንዴት ናቸው?» ብለው ጠይቀውኛል። ያኔ ደግነት መስሎኝ ነበር። አሁን ሁሉም ነገር ገጠመልኝ፤ ያ ጥያቄ፣ የተዘጋው ስልክ፣ ጋቢው፣ ከኋላቸው አንገቱን ያቀረቀረው ሰው።

«ኦቦ ለታ፣ አይደብቁኝ! መቼ ነው?»

«ምኑ?»

«የተቀበረችው!»

«ሴትዮ፣ ማንም አልሞተም ነው የምልሽ! ዝም በይ በማርያም! ማሎ!» ማሎ፣ በኦሮምኛ እባክሽ ማለታቸው ነው። እሳቸው ሲለምኑኝ ሰምቼ ስለማላውቅ ጭራሽ ባሰብኝ።

ጮኽኩ። የጮኽኩት ጩኸት ከየት እንደወጣ አላውቅም። ነጠላዬን ከትከሻዬ ወርውሬ ደረቴን እየመታሁ በግቢው መሃል ተሽከረከርኩ። ከአፌ ቃል ይወጣል፤ ምን እንደሆነ ግን እኔው ራሴ አልሰማውም። ልጅ እያለሁ በወረኢሉ አልቃሾች ሲያደርጉ ያየሁትን ሁሉ ሰውነቴ ብቻውን ያደርገዋል። መሬቱ ወደ እኔ መጣ።

ግን አልወደቅሁም። ከኋላዬ ሁለት ክንዶች ያዙኝ።

«አይዞሽ እትዬ፣ አይዞሽ። ኦብሲ፣ ኦብሲ።» ሐዘንተኛ በኦሮምኛ እንዲህ ነው የሚባለው፤ ቻይው፣ ቻይው እንደማለት።

አያያዙ የሚያውቅ ሰው አያያዝ ነው። ደረቴን እንዳልመታ ሁለት እጆቼን ገጥሞ ያዘ፤ ጭንቅላቴን ትከሻው ላይ አስደገፈልኝ። ዝገት ዝገት ይሸታል። ማን ነው ብዬ አላሰብኩም። በለቅሶ ሰዓት የያዛችሁ ሰው ማን እንደሆነ ይጠየቃል? ትከሻው ላይ ተደፍቼ አለቀስኩ፤ እሱም አብሮኝ ያለቅሳል።

«ትርንጎ!» አሉ ኦቦ ለታ ከውጭ፤ አሁን ድምፃቸውን መደበቁን ትተውታል። «ማን ነው አብሮሽ ያለው? የወንድ ድምፅ ነው!»

«ለቅሶ የደረሰኝ ሰው ነዋ!»

«በየት ገባ?»

እውነቱን ልንገራችሁ፤ ለቅሶዬ መሃሉ ላይ ቀጥ አለ። ኪሴን ዳሰስኩ፤ ቁልፎቹ አሉ። በሩን አየሁ፤ ሰንሰለቱ እንደታሰረ ነው። ቀና ብዬ የያዘኝን ሰው ተመለከትኩ። ከሲታ፣ ሠላሳ የሚጠጋው፣ የሹራቡ ክርን የተቀደደ ሰው ነው። ጉንጩ ላይ እንባ አለ። በሕይወቴ አይቼው አላውቅም።

«አንተ ማን ነህ?»

«እትዬ፣ አታልቅሺ» አለኝ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ማንም አልሞተብሽም። የመጡት ለእኔ ነው፤ አጥር ስዘል ሮንዶቹ አይተውኝ ነው።»

«አንተ ምን ሆነህ?»

«ሌባ ነኛ።»

ተያየን።

«እኔን ለማጽናናት ብለህ እንዳይሆን?»

«እትዬ፣ ሰው ለማጽናናት ሌባ ነኝ ይላል?»

«ማርያምን በል!»

«ማርያምን ሌባ ነኝ።»

«ምን ሰረቅህ?» ማስረጃ ፈለግሁ። ኦቦ ለታን ያላመነች ሴት ይህን እንዴት በቃሉ ታምን?

ግቢው ጥግ ወዳለው የእንጨት ክምር ሄደና ከኋላው አንድ ጆንያ አመጣ። ከፍቶ አሳየኝ፤ የቧንቧ መፍቻ፣ ከመፍቻው አጠገብ አንድ የውሃ ቆጣሪ።

«ይሄ የማን ነው?»

«የዚሁ ግቢ ነው። አሁን ነው የፈታሁት። ነሐሱ ይሸጣል።»

የአዴ ጫልቱ ቆጣሪ! በዓይኔ አየሁት። ሌባ ነው፤ እውነተኛ ሌባ፤ ከነመፍቻው። ሌባ ከሆነ ደግሞ ኦቦ ለታ የመጡት ለሌባ ነው፤ ለሌባ ከመጡ እናቴ… እጆቼን ወደ ሰማይ ዘረጋሁ።

«ተመስገን! ተመስገን አምላኬ! ሌባ ነው! ሌባ ነው!»

እኔ የጮኽኩት ለምስጋና ነበር። ውጭ ያለው ሕዝብ ግን እንደ ምስጋና አልሰማውም። በሩ በዱላ ይደበደብ ጀመር።

«ይዛዋለች! ክፈቺ!»

«አፍንጫሽን ያዢ! ማደንዘዣውን ሳይነፋብሽ!»

«ነፍቶባታል እንጂ! ሌባ አቅፋ ተመስገን የምትለው በጤናዋ ነው?»

ሰውየውን አየሁት። ስሙ ገመቹ እንደሆነ ያወቅሁት በኋላ ነው። ፊቱ አመድ መሰለ። አጥሩን አየ፤ ጆንያውን ጥሎበት የዘለለው ጠርሙስ ነው፤ አሁን ግን ከማዶው ሰው አለ። በሩን አየ፤ ዱላ ነው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። አትክፈቺ እንኳ አላለም። ከጥቂት ጊዜ በፊት መናኸሪያው አካባቢ አንድ መንገደኛ «የማደንዘዣው ሌባ» ተብሎ ተደብድቦ ነበር። ሰውየው እህቱን ሊጠይቅ የመጣ እንግዳ መሆኑ የታወቀው ሐኪም ቤት ከገባ በኋላ ነው። እስከ ዛሬ በአንድ ዓይኑ ነው የሚያየው። ይህንን እኔም አውቃለሁ፤ ገመቹም ያውቃል። በሩ ከተከፈተ ምን እንደሚሆን ለሁለታችንም ግልጽ ነበር።

እኔ ጀግና አይደለሁም፤ ጥንቁቅ ሴት ነኝ። ጥንቁቅ ሴት ደግሞ ቁልፍ አላት። ኪሴ ውስጥ ያሉትን ቁልፎች ጨበጥኳቸው።

«ኦቦ ለታ!»

«ክፈቺ ልጄ!»

«መጀመሪያ ዱላችሁን በአጥሩ ላይ ወደ ውስጥ ወርውሩ። ያኔ እከፍታለሁ።»

ውጭ ተንጫጩ። «ሴትዮ!» አለ አንዱ፣ «ከማን ወገን ነሽ?»

«ለቅሶ ከደረሰኝ ወገን!»

«ማን ሞተና ነው ለቅሶ?»

«እናቴን ገደላችሁብኛ!» ድምፄ ገና የለቅሶ ድምፅ ነበር፤ ለመቆጣት ይመቻል። «በማለዳ ጋቢ ለብሶ ሰው በር ላይ መገተር ምንድን ነው? ደህና ናቸው፣ በጣም ደህና ናቸው ማለት ምንድን ነው? እናንተ ቀበራችሁብኝ፤ ይሄ ሰው ከጉድጓድ አወጣልኝ! ዝም ብሎ እንጨቱ ሥር ቢቀመጥ ማን ያየው ነበር? እኔን ብሎ ወጣ። የሰው ለቅሶ የደረሰን ሰው በለቅሶው ቤት የምትደበድቡ ከሆነ እድራችሁ ምኑን እድር ሆነ?»

የበሩ ድብደባ ቆመ። ያን ጊዜ ምን እየተሰማኝ እንደነበር አሁንም አላውቅም፤ እንዲህ ተናግሬ አላውቅማ። በስንጥቁ ሳይ ኦቦ ለታ መሬት መሬት ያያሉ። ዕድሜ ልካቸውን ሰው ሲያረዱ ኖረው በሐሰት ያረዷት የመጀመሪያዋ ሰው እኔ መሆኔ ያሳፈራቸው መሰለኝ።

«ጣሉ» አሉ በመጨረሻ።

«ኦቦ ለታ!»

«ጣሉ አልኩ። ሴትየዋ ያለችው ልክ ነው።»

አንድ ዱላ በአጥሩ ላይ ተሽከርክሮ ወደቀ። ሌላ ተከተለ። ገመቹ፣ ማን እንዳዘዘው አላውቅም፣ እየተጎነበሰ ያነሳቸውና እንጨት ክምሩ ላይ በሥርዓት ይደረድራቸው ጀመር።

«የእኔ ጫፉ ብረት አለው፣ እንዳይመታችሁ!» አለ አንድ ድምፅ ከውጭ።

«እሺ፣ ገለል ብያለሁ፤ ወርውር!» አለ ገመቹ።

«የኦቦ ለታ ከዘራ ይቅር» አልኩ። «እሱ መራመጃቸው ነው።»

በዚህ መሃል አዴ ጫልቱ ከቤተ ክርስቲያን ደረሱ። ሕዝቡን፣ ጋቢውን፣ የእኔን በለቅሶ የቀላ ዓይን አይተው «ዋቃዮ! ማን ሞተ?» ብለው ደረታቸውን ሊመቱ ሲሉ ሁሉም በአንድ አፍ «ማንም!» ብሎ ጮኸ።

ከፈትኩ። ሰንሰለቱን፣ ጓጉንቸሩን፣ መቀርቀሪያውን። መጀመሪያ የገቡት አዴ ጫልቱ ናቸው። ገመቹን ከላይ እስከ ታች አዩት፤ አፉ በተከፈተው ጆንያ ውስጥ ያለውን ቆጣሪ አዩ፤ አንድ ጥፊ አቀመሱት። «ይሄ ለቆጣሪዬ ነው» አሉት። ቀጥለው ከመሬት ነጠላዬን አንሥተው አራግፈው ትከሻዬ ላይ ጣሉልኝና በእኔና በወንዶቹ መሃል ቆሙ። «ከዚህ በኋላ እጁን የሚያነሳ መጀመሪያ እኔን ይምታ።» አዴ ጫልቱን የሚመታ ሰው አምቦ ውስጥ ገና አልተወለደም።

የሚቀጥለውን ያደረገው ውሃው ነው። በሰፈራችን ውሃ የሚመጣው በፈረቃ ነው፤ የዚያ ማለዳ ተራ የእኛ ነበር። ቆጣሪው የተፈታበት ቧንቧ አንድ ጊዜ ተጉረመረመና እንደ ፍል ውሃ ወደ ላይ ፈነዳ። የመጀመሪያው ባልዲ ሙሉ ያረፈው ኦቦ ለታ ጋቢ ላይ ነው። በኅዳር ማለዳ! ሕዝቡ ወዲያና ወዲህ ተራወጠ፤ አንዱ በጆንያ ሊያፍነው ሞከረ፤ ሌላው በጫማው።

«አንተ!» ብለው ጮኹ ኦቦ ለታ ጥርሳቸው እየተንቀጫቀጨ። «ምን ትገተራለህ? ና ግጠመው!»

ገመቹ መፍቻውን ይዞ ተንበረከከ። ሊደበድቡት የመጡት ሰዎች ግማሾቹ ቱቦውን ያዙለት፤ ግማሾቹ ፊታቸውን እየጠረጉ «ወደ ቀኝ! ወደ ቀኝ አጥብቀው!» ይሉታል። ውሃው ሲቆም ሁሉም እንደ ራሰ ዶሮ ቆሞ ቀረ። አንዱ መሳቅ ጀመረ፤ ተያያዘ።

የፖሊስ ጣቢያው ሳጅን ሙላቱ በባጃጅ የደረሰው ያኔ ነው። ብቻውን ነበር። ከባጃጁ ሳይወርድ ሕዝቡን ቃኘ። ያ አስተያየት አይረሳኝም፤ ሌባ የሚፈልግ ሰው አስተያየት አይደለም። በኋላ ጣቢያ ውስጥ ነገረኝ፤ «እህቴ፣ እኔ የምፈራው ሌባውን አይደለም፤ ሌባውን ከሰው እጅ የማወጣበትን ሰዓት ነው።» ግቢው ውስጥ ያገኘው ግን እየሳቀ የሚንቀጠቀጥ ሕዝብና ቆጣሪ የሚገጥም ሌባ ነው።

«ተጠርጣሪው የቱ ነው?» አለ ግራ ገብቶት።

«እኔ ነኝ» አለ ገመቹ እጁን አውጥቶ።

ሳጅኑ የገመቹን ኪስ ፈተሸ። ክብሪት፣ የተቆራረሰ ዳቦ፣ ከዚያ በጨርቅ የተቋጠረ ነገር። ሕዝቡ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ አለ፤ ማደንዘዣው! ሳጅኑ ክንዱን ዘርግቶ ጨርቁን ፈታው። ነጭ ሽንኩርት ነው።

«ምን ይሠራልሃል?»

«ለማደንዘዣው ነው።»

«ለየትኛው ማደንዘዣ?»

«ሌቦቹ ለሚነፉት ነዋ» አለ ገመቹ። «እኔም እኮ ቤት አለኝ። ሰው ሲተኛ ትቼ ነው የምወጣው፤ እነዚያ ሰዎች ቢመጡስ?»

ኦቦ ለታ ከዘራቸውን ተደግፈው ዓይናቸው እስኪያነባ ሳቁ። ሳጅኑ ሳቁን ሊውጥ ታገለ፤ አልቻለም። ከዚያ የካፖርት ኪሱ ውስጥ እጁን ከትቶ የራሱን አንድ ራስ ነጭ ሽንኩርት አወጣ። «ባለቤቴ ናት» አለ ቀስ ብሎ።

ወደ ጣቢያ አብሬ ሄድኩ፤ በመንገድ ማንም እንዳይነካው። ሳጅኑ፣ ሌባውና እኔ ባጃጅ ውስጥ ተጨናንቀን፣ እኔ መሃል። ሳጅኑ ቃሉን ሲቀበለው «ዝም ብለህ ብትቀመጥ ማንም አያገኝህም ነበር፤ ለምን ወጣህ?» አለው።

«ብቻዋን ነበረች» አለ ገመቹ። ትንሽ ቆይቶ ጨመረ፤ «የአባቴን መርዶ የሰማሁት ሚኒባስ ውስጥ ነው። ረዳቱ ነው ሂሳብ እየተቀበለ የነገረኝ። የያዘኝ ሰው አልነበረም።»

ሳጅኑ ይህንንም ጻፈው።

ስልኬ የጠራው ከጣቢያው ስወጣ ነው። እህቴ ናት፤ ኔትወርክ ተለቀቀ አለችኝ። እናቴን አገናኘችኝ። ድምፅዋን ስሰማ መንገድ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ። ሁሉንም ነገርኳት። ትቆጣለች ብዬ ነበር፤ በሕይወት ላለ ሰው ማልቀስ ደግ አይደለምና።

«አለቀስሽልኝ?» አለች።

«አዎ እማዬ።»

«ጮክ ብለሽ?»

«ሰፈሩ ሁሉ ሰማ።»

ከዚያ፣ እግዚአብሔር ያሳያችሁ፣ በደስታ ድምፅ፣ «ምን ብለሽ?»

«ምን?»

«ምን ብለሽ አለቀስሽልኝ? ንገሪኛ! ሰው ሁሉ ሞቶ የማይሰማውን እኔ በቁሜ ልስማው እንጂ!»

ልነግራት አፌን ከፈትኩ። አንዲት ስንኝ አላስታውስም ነበር።

ገመቹ ተፈርዶበት ታሰረ፤ የወሰዳቸውን ቆጣሪዎች የሸጠበትን ቦታ ስለተናገረና ኦቦ ለታና አዴ ጫልቱ ቀርበው ስለመሰከሩለት ፍርዱ ቀለለለት። ሌብነቱን አላሞግስም፤ በነሐሴ ዝናብ እንኳ ውሃ ያጣነው በእሱ ምክንያት ነው። ማደንዘዣ የሚነፉት ሌቦች ግን እስከ ዛሬ አልተያዙም፤ አልነበሩማ። ነጭ ሽንኩርቱ ተወደደ፤ የአንድ ዓይኑን ብርሃን ያጣ ሰው አለ፤ ወሬው ግን አንድ ቀን እንደመጣው አንድ ቀን ቀረ።

እድሩ በሚቀጥለው ስብሰባ ሁለት ነገር ወሰነ። አንደኛ፣ ከእንግዲህ ሌባ ሲከበብ ኦቦ ለታ ከፊት እንዳይቆሙ። ሁለተኛውን ያቀረብኩት እኔ ነኝ፤ አባል እንድሆን። አንባቢዎቼ፣ በእንግድነት የምትኖሩ ካላችሁ ልብ በሉኝ። ስንት ዓመት ከአገሬ ርቄ ያ ማለዳ ሲመጣ ማን ይይዘኛል እያልኩ ሌሊት አስብ ነበር። በሬ ላይ ሰንሰለት ስጨምር ግን የሚይዘኝ ሰው የሚገባበትን በር እየዘጋሁ እንደሆነ አላስተዋልኩም፤ የያዘኝ አጥር የዘለለው ሆነ። አሁንም እቆልፋለሁ፤ ጥንቃቄ ከእግዚአብሔር ነው። ቢሆንም የጎረቤቶቼ ስልክ አለኝ፤ ለቅሶ እደርሳለሁ፤ ኦብሲ ማለትም ከነድምፁ ተምሬአለሁ። ዝውውሩንም ትቼዋለሁ።

እናቴ አለች፤ አርጅታለች። በደወልኩ ቁጥር ከሰላምታው ቀጥሎ የምትጠይቀኝ ያንኑ ነው፤ «አስታወስሽው?» ፈጥሬ ልንገራት ብዬ ሞክሬ ነበር፤ «ይሄ አሁን የተሠራ ነው» ብላ መለሰችልኝ። አዴ ጫልቱ ዘግይተው ስለመጡ አልሰሙም። ኦቦ ለታን ጠየቅኋቸው፤ «የመንገዱን ርቀት እያነሳሽ ነበር፤ እኔ ግን ጆሮዬ ሌባው ላይ ነበር» አሉኝ። ገመቹ ከእስር ወጥቶ ለፋሲካ እንኳን አደረሰሽ ሊለኝ ሲመጣ ጠየቅሁት፤ «ስለ ቀሚስ የሆነ ነገር አልሽ፤ አረንጓዴ ቀሚስ። እኔን ያስለቀሰኝ እሱ ነው፤ ቃሉ ግን ጠፋኝ» አለኝ። እሱም አሁን ነቀምት ሥራ ይዟል። ውጭ ከነበሩት ሌሎቹ አብዛኞቹ ተከራይ ስለነበሩ ተበትነዋል።

ስለዚህ በዚያ ማለዳ በአዴ ጫልቱ በር ላይ ዱላ ይዛችሁ የነበራችሁ ወንድሞቼ፣ በዱላው አልቀየምኳችሁም። ግን ውጭ ዝም ብላችሁ ቆማችሁ እኔ ስጮህ ሰምታችኋል። አንድ ስንኝ፣ ግማሽ ስንኝ፣ አንዲት ቃልም ብትሆን በጆሮው የቀረ ካለ ለኦቦ ለታ ይንገርልኝ፤ እሳቸው ያደርሱልኛል። እባካችሁ ፍጠኑ፤ ለቅሶዋን በቁሟ ልትሰማ የምትጠብቅ እናት አለችኝ።